ስዊቹ ማን የት እንዳለ እንዴት ያውቃል? የማክ አድሬስ ቴብልን አንብቦ የኔትዎርክ ችግር መፍታት

ደሴ ወይም ኮምቦልቻ ላይ የቢሮ ኔትዎርክ ሲበላሽ ጥገናው ብዙ ጊዜ የሚጀምረው ኬብል በመንቀል ነው። አንዱ ይነቀላል። «አሁንስ መጣ?» ይባላል። ከላይኛው ፎቅ «ኧረ ምንም የለም!» ይመለሳል። ግማሽ ቀን እንዲህ ያልቃል። የሚፈለገው መልስ ግን እዚያው ስዊቹ ውስጥ፣ ማለትም የቢሮውን ኬብሎች በሚያገናኘው ሳጥን ውስጥ ነው። የትኛው ዕቃ በየትኛው ፖርት (የኬብል መሰኪያ) እንዳለ ስዊቹ በየሰከንዱ እየመዘገበ ነው። ይህን መዝገብ፣ ማለትም የማክ አድሬስ ቴብሉን፣ ማንበብ የሚችል ሰው ኬብል የሚነቅለው መጨረሻ ላይ ነው።

ወሎ ውስጥ ይህን ማወቅ የበለጠ ያስፈልጋል ብዬ አምናለሁ። በ2014 ዓ.ም. ጦርነት ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ብዙ መሥሪያ ቤቶች ኮምፒውተራቸውና የኔትዎርክ ዕቃቸው ተዘርፎባቸዋል። ከዚያ በኋላ ሥራ እንዳይቆም የተገኘው ስዊች ተሰካ፣ የተገኘው ኬብል ተዘረጋ። ንድፍ ለመሥራትና ስም ለመለጠፍ ጊዜ አልነበረም። እንዲህ ያለ ኔትዎርክ የሚረከብ ወጣት ባለሙያ እጁ ላይ ያለው አስተማማኝ ሰነድ የስዊቹ ቴብል ብቻ ነው።

አንድ ነገር ልብ በሉ። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ትዕዛዞቹን እንደሚነበቡ በእኛ ፊደል ጽፌያቸዋለሁ። ስትተይቡ ግን በእንግሊዝኛ ፊደል ነው።

1. መጀመሪያ አድሬሱን እወቁ

ኬብል የሚሰካበት ወይም ዋይፋይ ያለው ዕቃ ሁሉ ማክ አድሬስ የሚባል መለያ አለው። 48 ቢት ነው፤ ሲጻፍ 12 ቁምፊ ይሆናል። ቁምፊዎቹ ከ0 እስከ 9 ያሉት ቁጥሮችና ከኤ እስከ ኤፍ ያሉት ፊደላት ናቸው። የመጀመሪያዎቹ 6 ቁምፊዎች የአምራቹ መለያ ናቸው፤ ለአምራቾች የሚያድለው አይትሪፕልኢ የተባለው ዓለም አቀፍ የመሐንዲሶች ማኅበር ነው። የቀሩትን 6 አምራቹ ለየዕቃው ይሰጣል።

ዊንዶውስ ላይ ጥቁሩን የትዕዛዝ መስኮት ከፍታችሁ «ጌትማክ» በሉ፤ ይወጣላችኋል። ፕሪንተርና ካሜራ ላይ አብዛኛውን ጊዜ ከሥሩ ወይም ከጀርባው ተለጥፏል።

አጻጻፉ እንዳያደናግራችሁ። ዊንዶውስ በየሁለት ቁምፊው ሰረዝ ያስገባል፣ ሊኑክስ ሁለት ነጥብ ያስገባል፣ የሲስኮ ኩባንያ ስዊች ደግሞ በየአራት ቁምፊው አንድ ነጥብ ያደርጋል። 02-00-00-00-00-11 እና 0200.0000.0011 አንድ ናቸው።

ሁለተኛዋን ቁምፊ ማየት ልመዱ። 2፣ 6፣ ኤ ወይም ኢ ከሆነች አድሬሱ ፋብሪካ የሰጠው አይደለም፤ በሶፍትዌር የተሰጠ ነው። የዛሬ ስልኮች ዋይፋይ ላይ የሚጠቀሙት እንዲህ ያለ የዘፈቀደ አድሬስ ነው። አንድሮይድ ከ10ኛው፣ አይፎን ከአይኦኤስ 14 ጀምሮ ያለ ማንም ትዕዛዝ ያደርጉታል። ስለዚህ «ይህ አድሬስ የማን ስልክ ነው?» ብላችሁ የአምራች ዝርዝር ብትፈልጉ አታገኙም። እኔም እዚህ ለምሳሌ የምጠቀምባቸውን ራሴ ስለሰጠኋቸው ሁለተኛ ቁምፊያቸው 2 ነው።

2. ስዊቹ የሚማረው ከላኪው ብቻ ነው

ከዚህ ጽሑፍ አንድ ነገር ብቻ የምትይዙ ከሆነ ይህንን ያዙ። በኢተርኔት፣ ማለትም በኬብሉ ኔትዎርክ፣ የሚሄድ እያንዳንዱ ፍሬም (የመረጃ ጥቅል) ፊቱ ላይ ሁለት አድሬስ አለው፤ መጀመሪያ የተቀባዩ፣ ቀጥሎ የላኪው። ስዊቹ በላኪው አድሬስ ይማራል፣ በተቀባዩ አድሬስ ይወስናል።

አዲስ የተከፈተ ሱቅ ውስጥ ያለ ልጅ ማን በየትኛው ግቢ እንደሚኖር ጠይቆ አይደለም የሚያውቀው። ከየትኛው በር እንደወጡ አይቶ ይይዛል። ከቤቱ ወጥቶ የማያውቀውን ሰው አያውቀውም። ስዊችም እንዲሁ ነው። ያልተናገረ ዕቃ ቴብሉ ላይ የለም።

አሁን ቅደም ተከተሉን እዩት። ስዊቹ ገና በርቷል፣ ቴብሉ ባዶ ነው። ፖርት 3 ላይ ያለው ኮምፒውተር አድሬሱ 02-00-00-00-00-11 ነው። ፖርት 7 ላይ ያለው ፕሪንተር 02-00-00-00-00-22 ነው። ኮምፒውተሩ ሊያትም ፈለገ። የፕሪንተሩን አይፒ (በኔትዎርኩ ላይ የተሰጠውን የቁጥር አድራሻ) ያውቃል፣ ማኩን ግን አያውቅም። ስለዚህ «ይህ አይፒ ያለው ማነው?» ብሎ ለሁሉም ይጣራል። አርፕ የሚባለው ጥያቄ ይህ ነው። የተቀባዩ ቦታ ላይ 12ቱም ቁምፊ ኤፍ ሆኖ ይሄዳል፤ ትርጉሙ «ለሁሉም» ነው።

ስዊቹ ፍሬሙን ሲቀበል መጀመሪያ ላኪውን ያያል። «11 የሚጨርሰው ፖርት 3 ላይ ነው» ብሎ ይጽፋል። ከዚያ ተቀባዩን ያያል። ለሁሉም ስለሆነ ከመጣበት ከፖርት 3 በቀር በሁሉም ፖርት ያወጣዋል። ፕሪንተሩ ጥሪውን ሰምቶ ይመልሳል፤ መልሱ በቀጥታ ለኮምፒውተሩ ነው። ስዊቹ አሁን «22 የሚጨርሰው ፖርት 7 ላይ ነው» ብሎ ይጨምራል። የተቀባዩን አድሬስ ቴብሉ ላይ ስለሚያገኘው መልሱን በፖርት 3 ብቻ ይልከዋል። ከዚህ በኋላ የሁለቱ ወሬ ሌላ ፖርት ላይ አይሰማም።

ሁለት ጉዳይ ይቀራል። ተቀባዩ ቴብሉ ላይ ከሌለ ስዊቹ ፍሬሙን አይጥለውም፤ እንደ ጥሪው ከመጣበት በቀር በሁሉም ፖርት ያወጣዋል። በእንግሊዝኛ ስሙ ፍለዲንግ ይሉታል። ተቀባዩ ፍሬሙ በመጣበት በዚያው ፖርት ላይ ከሆነ ግን ስዊቹ ይተወዋል። እዚያው ወገን ያለ ሌላ ስዊች አድርሶታል ማለት ነው።

3. በዓይናችሁ እዩት

ለዚህ ውድ ስዊች አያስፈልግም። ደሴ ሰኞ ገበያም ሆነ ፒያሳ የሚሸጠው ባለ 5 ፖርት ተራ ስዊች ይበቃል። ሦስት ላፕቶፕ አዘጋጁ። የሦስቱንም ዋይፋይ አጥፉ፤ ካላጠፋችሁት ወሬው በሌላ መንገድ ይሄድና ሙከራው ይበላሻል። አይፒያቸውን በእጅ 192.168.50.11፣ 192.168.50.12 እና 192.168.50.13 በሏቸው። ማስኩ 255.255.255.0 ነው። ጌትዌይ ባዶ ይሁን።

ሦስተኛው ላፕቶፕ ላይ የሚደርሰውን ፍሬም የሚያሳየውን ፕሮግራም፣ ዋየርሻርክን፣ ጫኑና የኬብሉን ካርድ መርጣችሁ ማዳመጥ ጀምሩ። ማጣሪያው ላይ አርፕና አይሲኤምፒ (ፒንግ የሚሄድበት) ብቻ እንዲታይ አድርጉ። ከዚያ ከመጀመሪያው ላፕቶፕ ሁለተኛውን ፒንግ አድርጉ፤ ፒንግ «አለህ?» ብሎ የሚጠይቅ ትዕዛዝ ነው።

ሦስተኛው ስክሪን ላይ የሚታየው «192.168.50.12 ማነው? ለ192.168.50.11 ንገሩ» የሚለው ጥያቄ ነው። መልሱን አታዩትም። ፒንጉንም አታዩትም። ሁለቱ እየተነጋገሩ ነው፣ አጠገባቸው የተሰካው ሦስተኛው ግን ጥሪውን ብቻ ነው የሰማው። ድሮ በነበረው ሃብ ቢሆን ሁሉንም ይሰማ ነበር። ይህቺን ሙከራ ሳይሠሩ ስለ ስዊች መቶ ገጽ ማንበብ ብዙም አይጠቅምም፤ ተማሪዎች ያሏችሁ መምህራን ከሁሉ በፊት ይህንን አሠሯቸው።

ፒንጉ ካልመለሰ አትደንግጡ። የዊንዶውስ ፋየርዎል ብዙ ጊዜ ፒንግ ይከለክላል። አርፑ ግን ሥራውን ሠርቷል፤ መጀመሪያው ላፕቶፕ ላይ «አርፕ» ብላችሁ፣ ክፍት ቦታ ትታችሁ፣ ሰረዝና ኤ ብትጨምሩ የሁለተኛው ማክ አድሬስ ተመዝግቦ ታገኙታላችሁ።

4. ቴብሉን ማንበብ

አሁን ማኔጅድ ስዊች (ገብተው ትዕዛዝ የሚሰጡት ዓይነት) ያላቸው ይከተሉኝ። ኮምፒውተሩን ከስዊቹ የትዕዛዝ መግቢያ ጋር በሚያገናኘው ኮንሶል ኬብል ግቡ፤ ሲስኮ ላይ ፍጥነቱ 9600 ነው። «ሾው ማክ አድሬስ-ቴብል» በሉ። ላይኛው መስመሮች ላይ «ስታቲክ» እና «ሲፒዩ» የሚሉ ብዙ ታያላችሁ። እነዚህ የስዊቹ የራሱ ናቸው፣ እለፏቸው። ከመጨረሻው «ዳይናሚክ» ብትጨምሩበት የተማራቸውን ብቻ ያሳያል። እንዲህ ይመስላል፦

ቪላን 1 — 0200.0000.0011 — ዳይናሚክ — ፖርት 3
ቪላን 1 — 0200.0000.0022 — ዳይናሚክ — ፖርት 7
ቪላን 1 — 0200.0000.0035 — ዳይናሚክ — ፖርት 24
ቪላን 1 — 0200.0000.0036 — ዳይናሚክ — ፖርት 24
ቪላን 1 — 0200.0000.0041 — ዳይናሚክ — ፖርት 24

ፖርት 3 እና 7 ላይ አንዳንድ ዕቃ አለ። ፖርት 24 ላይ ግን ሦስት አድሬስ አለ። ከዚያ ኬብል ጫፍ ሌላ ስዊች ወይም ዋይፋይ የሚያሰራጭ አክሰስ ፖይንት አለ ማለት ነው። እዚህ ላይ ብዙ ምስጢር ይወጣል። አንድ ጠረጴዛ ብቻ አለው በተባለ ክፍል ፖርት ላይ ስድስት አድሬስ ካያችሁ፣ ሰው ሳይነግራችሁ ትንሽ ስዊች ከጠረጴዛ ሥር አስገብቷል።

ቪላን የሚለውም ቦታ ትርጉም አለው። ቪላን ማለት አንዱን ስዊች ለተለያዩ ኔትዎርኮች የሚከፍል ክፍልፋይ ነው። ስዊቹ የሚመዘግበው አድሬሱን ብቻ ሳይሆን ከነቪላኑ ነው። ሁሉም ፖርት የሚደርሰው ጥሪም ከቪላኑ አያልፍም።

5. አንድን ዕቃ እስከ ፖርቱ መከታተል

በሥራ ላይ ከሁሉ በላይ የሚጠቅመው ይህ ነው። «አንድ ካሜራ አይፒው ከሌላ ጋር ተጋጭቷል፣ የት እንዳለ ግን ማንም አያውቅም» ቢሏችሁ እንዲህ ሂዱ።

መጀመሪያ አይፒውን ፒንግ አድርጉ። ባይመልስም ግድ የለም፤ ዓላማው እንዲናገር ማድረግ ነው። ቀጥሎ የአርፕ ዝርዝራችሁን ከፍታችሁ ማኩን ቅዱ። አጻጻፉን ወደ ስዊቹ አጻጻፍ ቀይሩትና «ሾው ማክ አድሬስ-ቴብል አድሬስ» ብላችሁ ማኩን አስከትሉ። አንድ ፖርት ይነግራችኋል። ያ ፖርት ወደ ሌላ ስዊች የሚሄድ ከሆነ ወደዚያኛው ገብታችሁ ያንኑ ትዕዛዝ ድገሙ። አንድ አድሬስ ብቻ ያለበት ፖርት ላይ ስትደርሱ ዕቃው እዚያ ኬብል ጫፍ ነው። ወዲያውኑ ኬብሉ ላይ ስም ለጥፉ። ነገ እለጥፋለሁ ማለት አይሠራም።

አንድ ገደብ ግን አለው። ፒንግ የምታደርጉበት ኮምፒውተር ከዕቃው ጋር በአንድ ቪላን መሆን አለበት። ማክ አድሬስ ራውተርን፣ ማለትም አንዱን ኔትዎርክ ከሌላው የሚያገናኘውን ዕቃ፣ አያልፍም። ደሴ ቅርንጫፍ ተቀምጣችሁ አዲስ አበባ ዋና መሥሪያ ቤት ያለውን ሰርቨር ማክ ብትፈልጉ አታገኙትም፤ የምታዩት የራሳችሁን ራውተር ማክ ነው። ዕቃው በሌላ ቪላን ከሆነ የአርፕ ዝርዝሩን ከራውተሩ ላይ እዩ።

6. 300 ሰከንዱን አትርሱ

ስዊቹ የተማረውን ለዘላለም አይዝም። የተለመደው ጊዜ 300 ሰከንድ ነው። አንድ አድሬስ 5 ደቂቃ ሙሉ ምንም ካልላከ ይሰረዛል። በተናገረ ቁጥር ሰዓቱ እንደገና ከዜሮ ይጀምራል። ኬብሉ ከፖርቱ ሲነቀል ደግሞ በዚያ ፖርት የተማረውን ወዲያው ይጥላል።

መብራት ሲጠፋም ቴብሉ አብሮ ይጠፋል። ይህ አያሳስብም፤ መብራት መጥቶ ስዊቹ ሲነሳ በሰከንዶች ውስጥ እንደገና ይማራል። ስዊቹ ከተነሳ በኋላ ኔትዎርኩ ደቂቃዎች ከወሰደ ጥፋቱን ሌላ ቦታ ፈልጉት። ብዙ ጊዜ ቀስ ብሎ የሚነሳው ራውተሩ ወይም ሰርቨሩ ነው።

ትንሽ ከበድ የሚለው ዝምተኛ ዕቃ ነው። እየተቀበለ የማይመልስ ሰርቨር አለ እንበል፤ የሎግ (የክስተት መዝገብ) መሰብሰቢያ ለምሳሌ። 5 ደቂቃ ዝም ስላለ ስዊቹ ረስቶታል። የሲስኮ ራውተር ግን የአርፕ ዝርዝሩን 4 ሰዓት ይይዛል፣ ስለዚህ ማኩን ያውቀዋል፣ ሳይጠይቅ መላኩን ይቀጥላል። ስዊቹ ተቀባዩን ስለማያውቀው በሁሉም ፖርት ይረጨዋል። ሰዎች «ኔትዎርኩ ዝም ብሎ ይከብዳል» የሚሉት አንዳንዴ ይህ ነው። መፍትሔው ሁለቱን ጊዜ ማቀራረብ ነው፦ የራውተሩን የአርፕ ጊዜ ከ300 ሰከንድ በታች ማውረድ፣ ወይም ስዊቹ ላይ «ማክ አድሬስ-ቴብል ኤጂንግ-ታይም 14400» ማለት። በትንሽ ቢሮ የመጀመሪያውን እመርጣለሁ። ላፕቶፕ ከክፍል ክፍል በሚዞርበት ቦታ አሮጌ መረጃ ለ4 ሰዓት ማስቀመጥ ደስ አይለኝም።

7. ቴብሉ ሲያብድ፦ ሉፕ

ደሴ ላይ በአንድ ሕንጻ ምድር ቤት ያለ መድኃኒት ቤት ነው። ባለቤቱ «ልጄ፣ ጠዋት ይሠራ ነበር፤ ቤቱ ከተጠረገ ወዲህ ነው የሞተው» አሉ። ባለሙያው «አብሽሩ ሐጂ፣ አሁን እናየዋለን» አላቸው። ሁሉም የስዊቹ መብራቶች በአንድነት፣ ያለማቋረጥ፣ በፍጥነት ይብለጨለጫሉ። እንዲህ ካያችሁ ሌላ ምርመራ ከመጀመራችሁ በፊት ሉፕ፣ ማለትም መንገዱ ዞሮ ወደ ራሱ የሚመለስበት ቀለበት፣ ጠርጥሩ። ጠረጴዛ ሥር ያለ ስዊች ላይ የአንድ ኬብል ሁለት ጫፍ ተሰክቶ ነበር። ወለል ሲጠረግ ተንጠልጥሎ የነበረ ጫፍ፣ አስተካክላለሁ ብሎ የሰካው ሰው አለ።

ምን ሆኖ ነው? የኢተርኔት ፍሬም ዕድሜ የለውም። የአይፒ ፓኬት ራውተር ባለፈ ቁጥር የሚቀንስ ቁጥር አለው፣ ፍሬም ግን ይህ የለውም። ለሁሉም የተላከ አንድ ጥሪ ሉፕ ውስጥ ከገባ በሁለቱም አቅጣጫ ይዞራል፣ በዞረ ቁጥር በሁሉም ፖርት ይወጣል፣ አያቆምም። ከዚያ የባሰው ደግሞ አለ። ያው የላኪ አድሬስ አሁን ከፖርት 3፣ አሁን ከፖርት 24 ስለሚመጣ ስዊቹ በየቅጽበቱ ቴብሉን ይቀይራል። ሎጉ ላይ «ፍላፒንግ» የሚል መልእክት፣ አንድ አድሬስና ሁለት ፖርት ይታያል።

እዚህ ላይ አስተውሉ። አንድ አድሬስ ብቻ አልፎ አልፎ ፖርት ከቀየረ ሉፕ ላይሆን ይችላል። ከአንድ አክሰስ ፖይንት ወደ ሌላው የሄደ ስልክም እንዲሁ ያደርጋል። ብዙ አድሬሶች በሁለት ፖርቶች መካከል በየሰከንዱ ከተመላለሱ ግን ሉፕ ነው።

ማኔጅድ ስዊች ከሌላችሁ ወደ ሌሎች ስዊቾች የሚሄዱትን ኬብሎች አንድ በአንድ ንቀሉ። መብራቶቹ የረጉበት ኬብል ጥፋተኛው ነው፤ ጫፉ ድረስ ሂዱ። ኬብል መንቀል ትክክለኛ መሣሪያ የሚሆነው እዚህ ጋ ነው።

ችግሩን ራዲያ ፐርልማን የተባለች መሐንዲስ እ.ኤ.አ. በ1985 ፈታችው። የእሷ ስፓኒንግ ትሪ ስዊቾች እርስ በርስ አጫጭር መልእክት ተለዋውጠው ትርፉን መንገድ እንዲዘጉ ያደርጋል። ርካሾቹ ተራ ስዊቾች አብዛኛዎቹ ይህ የላቸውም። ማኔጅድ ካላችሁ ስፓኒንግ ትሪን ፈጽሞ አታጥፉ። ወደ ሠራተኛ ጠረጴዛ በሚሄዱ ፖርቶች ላይ ደግሞ ቢፒዲዩ ጋርድ (ይህ የስዊቾች መልእክት የመጣበትን ፖርት የሚዘጋ ጥበቃ) አብሩ። ከጠረጴዛ ሥር ሉፕ ሲፈጠር ስዊቹ የላከው መልእክት ተመልሶ ስለሚመጣበት ያንን ፖርት ይዘጋል፤ ሌላው ቢሮ ሥራውን ይቀጥላል። ሉፑን ካነሳችሁ በኋላ ፖርቱን በ«ሻትዳውን» ከዚያም በ«ኖ ሻትዳውን» ትከፍቱታላችሁ።

8. ፖርቱን መገደብ

ቴብሉ መጠን አለው። አነስተኛ ስዊቾች ጥቂት ሺህ አድሬስ ይይዛሉ። ለአንድ ቢሮ ከበቂ በላይ ነው። ሆኖም ክፉ ሐሳብ ያለው ሰው በሶፍትዌር ብዙ ሺህ የውሸት ላኪ አድሬስ ቢልክ ቴብሉ ይሞላል። ከዚያ ስዊቹ አዲስ መማር ስለማይችል ያልያዛቸውን ሁሉ በየፖርቱ ይረጫል፣ ሰውዬውም የሌላውን ወሬ ይሰማል።

መከላከያው አንድ ፖርት ስንት አድሬስ እንደሚቀበል የሚወስነው ፖርት ሴኪዩሪቲ ነው። ለጠረጴዛ ፖርት «ስዊችፖርት ፖርት-ሴኪዩሪቲ ማክሲመም 2» በቂ ነው፤ አንድ ለኮምፒውተሩ፣ አንድ ለአይፒ ስልኩ። ቁጥሩን ብቻ ጽፋችሁ እንዳትሄዱ፤ «ስዊችፖርት ፖርት-ሴኪዩሪቲ» የሚለውን ለብቻው ካላስገባችሁ አይሠራም። አክሰስ ፖይንት ወይም ሌላ ስዊች ያለበት ፖርት ላይ ይህንን አታድርጉ፤ ሦስተኛው ሰው ሲገባ ፖርቱ ይዘጋና ስልካችሁ መጮህ ይጀምራል።

«ስቲኪ» የሚለውን ከጨመራችሁ ስዊቹ የተማረውን አድሬስ ኮንፊግሬሽኑ (የስዊቹ ቅንብር) ውስጥ ይጽፈዋል። የሚጽፈው ግን አሁን እየሠራ ባለው ላይ እንጂ በተቀመጠው ላይ አይደለም። ስለዚህ ከራኩ (ስዊቹ ከተቀመጠበት መደርደሪያ) ከመራቃችሁ በፊት «ኮፒ ራኒንግ-ኮንፊግ ስታርትአፕ-ኮንፊግ» በሉ። ካላላችሁ መብራት አንዴ ብልጭ ብሎ ሲመለስ የሠራችሁት ሁሉ የለም።